«ጋዝ አልቆበት ይሆናል»፦ ስለሚጮህ የቤት ኤሲ የተሳሳቱ አመለካከቶችና እውነታው

በድሬዳዋ፣ በሰመራና በጋምቤላ ሙቀቱ በሚበረታባቸው ወራት ኤሲ ላለው ቤተሰብ መሣሪያው የቅንጦት ዕቃ አይደለም፤ ሌሊት እንቅልፍ የሚገኘው በእሱ ነው። ስለዚህ አንድ ምሽት ማንኳኳት፣ ማፏጨት ወይም መንቀጥቀጥ ሲጀምር ባለቤቱ መደንገጡ ተገቢ ነው፤ ችግሩ ግን ድንጋጤው ብዙ ጊዜ ወደ ተሳሳተ ወጪ መምራቱ ነው። ጋዝ ያልጎደለበት ኤሲ ጋዝ ይሞላል፣ ደህናው ኮምፕሬሰር (ጋዙን የሚጨምቀው ሞተር) ይቀየራል፣ በሌላ በኩል ደግሞ ቪቴ በማጥበቅ ብቻ ሊስተካከል ይችል የነበረ ጉዳት ችላ ተብሎ ሞተር እስከማቃጠል ይደርሳል። ከዚህ በታች የምዘረዝራቸው አመለካከቶች በከተሞቻችን በብዛት የሚገኘውን ስፕሊት ኤሲ፣ ማለትም አንዱ አካሉ ክፍሉ ውስጥ ግድግዳ ላይ፣ ሌላው አካሉ ደግሞ ከቤት ውጭ የሚተከለውን ዓይነት የሚመለከቱ ናቸው።

«ድምፁ ከየት እንደሚመጣ ለማወቅ መፈታት አለበት»

ካቻቪቴ ከማንሣት በፊት ሪሞቱን ማንሣት ይቀድማል። ኤሲውን ከማቀዝቀዝ አውጥቶ በማራገቢያ ብቻ እንዲሠራ ማድረግ የምርመራውን ግማሽ ይጨርሳል፤ ምክንያቱም በዚህ ጊዜ የውጭው አካል በሙሉ ይቆማል፣ የሚዞረው የውስጡ ማራገቢያ ብቻ ነው። ድምፁ ከቀጠለ መንስኤው የውስጡ ማራገቢያ፣ ሞተሩ፣ ፊልትሮው ወይም የአየር ማውጫው ክንፎች ናቸው። ድምፁ ከጠፋና ወደ ማቀዝቀዝ ሲመለስ እንደገና ከመጣ ግን መንስኤው በውጭው አካል፣ በጋዙ ዝውውር ወይም በውስጡ በተጠራቀመ በረዶ ዙሪያ መፈለግ አለበት።

ጆሮ ብቻውን የሚያሳስትበት አንድ ሁኔታ አለ። የኮምፕሬሰሩ ንዝረት በመዳብ ቱቦው በኩል ግድግዳውን አልፎ ስለሚመጣ፣ መኝታ ቤት የተኛ ሰው ድምፁ ከራስጌው በላይ ካለው አካል የሚወጣ ይመስለዋል። ከዚህ በተጨማሪ ድምፁ የሚሰማበትን ሰዓት መመዝገብ ይጠቅማል፦ ሲነሣ ነው፣ ሲቆም ነው፣ ያለማቋረጥ ነው፣ ወይስ ከአንድ ሰዓት ሥራ በኋላ? ለእነዚህ አራት ጥያቄዎች መልስ ይዞ ቴክኒሺያን የሚጠራ ሰው በግምት ከሚቀየርበት ዕቃ ይድናል ብዬ አምናለሁ።

«ድምፅ ካሰማ ጋዝ አልቆበታል»

ከሁሉም በላይ ገንዘብ የሚያስወጣው አመለካከት ይህ ስለሆነ ረዘም አድርጌ ላብራራው። በኤሲ ውስጥ ያለው ጋዝ እንደ ቤንዚን የሚቃጠልና የሚያልቅ ነገር አይደለም። በተዘጋ የመዳብ መሥመር ውስጥ ከፈሳሽ ወደ ጋዝ፣ ከጋዝ ወደ ፈሳሽ እየተለዋወጠ ይዞራል፤ መሥመሩ እስካልተቀደደ ድረስ ከዓመት ዓመት መጠኑ አይቀንስም። ስለዚህ «በየዓመቱ ጋዝ መሞላት አለበት» የሚለው ምክር መሠረት የለውም። ጋዙ በእርግጥ ቀንሶ ከተገኘ የሚያፈስ ቦታ አለ ማለት ነው፤ ያ ቦታ ሳይገኝና ሳይደፈን የሚሞላው ጋዝም በዚያው ቀዳዳ ይወጣል።

የጋዝ መቀነስ የራሱ ምልክቶች አሉት፤ እነሱም በአብዛኛው ከድምፅ በፊት የሚታዩ ናቸው። ቅዝቃዜው ይደክማል፣ ከውጭው አካል ጋር በሚገናኙት ቱቦዎች ላይ ወይም በውስጡ የአሉሚኒየም ክንፎች ላይ በረዶ ይሠራል፣ የቱቦ መጋጠሚያው አካባቢ ደግሞ ዘይት የነካው አቧራ ይታያል፤ ምክንያቱም የኮምፕሬሰሩ ዘይት ከጋዙ ጋር አብሮ ይዞራልና ጋዙ በሚያመልጥበት ቦታ ዱካውን ይተዋል። እነዚህ ሳይኖሩ፣ ክፍሉም በደንብ እየቀዘቀዘ፣ ድምፅ ስላለ ብቻ ጋዝ ማስሞላት ጉዳት እንጂ ጥቅም የለውም። ከልክ ያለፈ ጋዝ የመሥመሩን ግፊት ከፍ ያደርጋል፣ አንዳንዴም በጋዝነት መመለስ የነበረበት በፈሳሽነቱ ወደ ኮምፕሬሰሩ እንዲገባ ያደርጋል። ኮምፕሬሰር ጋዝ እንዲጨምቅ እንጂ ፈሳሽ እንዲጨምቅ አልተሠራም፤ ያን ጊዜ የሚሰማው ከባድ ማንኳኳት የመበላሸቱ መጀመሪያ ነው።

ጋዙ መሞላት ካለበትም የሚሞላው በሚዛን ነው። መጠኑና ዓይነቱ በውጭው አካል ላይ በተለጠፈው ሰሌዳ ላይ በኪሎ ግራም ተጽፏል። አር-22፣ አር-410ኤ እና አር-32 የሚባሉት ጋዞች አንዱ በሌላው ምትክ የሚገቡ አይደሉም፤ አር-410ኤ ከአር-22 ጋር ሲነጻጸር ግፊቱ በ60 በመቶ ገደማ ይበልጣል፣ አር-32 ደግሞ በመጠኑ ተቀጣጣይ ነው። በሰሌዳው ላይ ያለውን ሳያነብ፣ የሚያፈሰውን ቦታ ሳይፈልግ፣ መሥመሩን በቫኪዩም ፓምፕ (አየሩንና እርጥበቱን መጥጦ በሚያወጣ መሣሪያ) ሳያጸዳ «ትንሽ ልጨምርበት» የሚል ሰው ሥራውን እንዲቀጥል መፍቀድ አይገባም።

«ማንኛውም እንግዳ ድምፅ የብልሽት ምልክት ነው»

ይህም ልክ አይደለም። ኤሲው ሲነሣና ሲቆም የሚሰማው ጠቅ ጠቅ የሚል ድምፅ የፕላስቲኩ ሽፋን በሙቀት ለውጥ ሲሰፋና ሲኮማተር የሚፈጥረው ነው። ከቆመ በኋላ ለጥቂት ደቂቃዎች የሚሰማው የውሃ ዝውውር የሚመስል ድምፅ ደግሞ የከፍተኛና የዝቅተኛ ግፊት መሥመሮቹ እየተስተካከሉ መሆናቸውን ያሳያል። ብዙ ኤሲዎች ከጠፉ በኋላ ወዲያው ሲበሩ ኮምፕሬሰሩን ሦስት ደቂቃ ያህል አዘግይተው የሚያስነሡትም ይህ መስተካከል እስኪያልቅ ነው።

ስለ ኢንቨርተር ኤሲም እንዲሁ። «ኢንቨርተር ድምፅ የለውም» ተብለው የገዙ ሰዎች ከፍና ዝቅ የሚል ቀጭን ድምፅ ሲሰሙ ተታለልን ይላሉ። ኢንቨርተር ኮምፕሬሰሩን በአንድ ፍጥነት ከማሠራት ይልቅ እንደ ክፍሉ ሙቀት ፍጥነቱን የሚቀያይር ስለሆነ ድምፁም አብሮ ይቀያየራል። ሪሞቱን 16 ዲግሪ ላይ አድርጎ መተው ኮምፕሬሰሩ ለረጅም ጊዜ በከፍተኛ ፍጥነት እንዲሠራ ማስገደድ ነው፤ 25 ወይም 26 ላይ ማድረግ ብቻውን ሌሊቱን ጸጥ የሚያደርግባቸው ቤቶች ጥቂት አይደሉም።

«ፊልትሮውን አጥቤዋለሁ፤ ስለዚህ ቆሻሻ ሊሆን አይችልም»

ፊልትሮ ማጠብ መልካም ልማድ ነው፤ በአቧራማ ወራት በየሁለት ሳምንቱ ቢደረግ ይመረጣል፣ ከተዘጋ ፊልትሮ የሚመጣውን ማፏጨትም ወዲያው ያጠፋል። ነገር ግን ደቃቁ አቧራ ፊልትሮውን ያልፋል። ከክረምት ጎርፍ ውጪ ደረቅ አሸዋ በሆነው በድሬዳዋው ደቻቱ ወንዝ አካባቢ የሚኖር ሰው ይህን ለመረዳት ማስረጃ አያስፈልገውም፤ በመስኮቱ ደፍ ላይ በየጠዋቱ ያየዋል።

መብራቱን ከብሬከሩ አጥፍተው፣ የአየር ማውጫውን ክንፍ ቀስ አድርገው ወደ ታች ገልብጠው፣ በእጅ ባትሪ ወደ ውስጥ ይመልከቱ። ከግራ ወደ ቀኝ የተዘረጋ፣ ብዙ ቀጫጭን ጠማማ ምላጮች ያሉት ረጅም ጥቁር ሲሊንደር ይታያል፤ ማራገቢያው እሱ ነው። በንጹሕ ማራገቢያ ላይ በምላጮቹ መካከል ያለው ክፍተት ጎልቶ ይታያል፣ በቆሸሸው ላይ ግን እርጥበት ያጣበቀው ግራጫ አቧራ ክፍተቱን እንደ ጨርቅ ሞልቶታል። አቧራው በአንድ በኩል በዝቶ በሌላው ሲያንስ ወይም በከፊል ሲረግፍ ሲሊንደሩ ሚዛኑን እንደሳተ የመኪና ጎማ እየተንቀጠቀጠ ይዞራል፤ ከውስጡ አካል የሚሰማው ዱብ ዱብ የሚል ድምፅ ብዙ ጊዜ ከዚህ የሚመጣ ነው።

መፍትሔው ማራገቢያውን አውጥቶ በሳሙናና በብሩሽ ማጠብ ነው። በከፍተኛ ግፊት ውሃ መርጨት የአሉሚኒየሙን ክንፎች ያጣምማል፣ ውሃውም ወደ ኤሌክትሮኒክስ ሰሌዳው ይደርሳል። እዚያው ሳለ ቴክኒሺያኑ በሲሊንደሩ በአንዱ ጫፍ ያለውን፣ በጎማ የተያዘውን ትንሽ ማሽከርከሪያ ቡሽ እንዲያይ መጠየቅ ተገቢ ነው፤ ሲደርቅ ወይም ሲበላ ሲዞር የሚሰማ ጩኸት ያወጣል።

«ሲጮህ ዘይት ማንጠብጠብ ይበቃዋል»

የምግብ ዘይት፣ ነጭ ጋዝ፣ የዝገት ማስለቀቂያ ስፕሬይ፤ ሁሉም ሲደረግ ይታያል፣ ሁሉም ድምፁን ለጥቂት ቀናት ያቆማል። የምግብ ዘይት አቧራ ሰብስቦ ይጠነክራል። ነጭ ጋዝና ስፕሬይ ደግሞ በውስጡ የቀረውን ትንሽ ግራሶ አጥበው ያወጡና ከበፊቱ የባሰ ያደርቁታል፤ ነጭ ጋዙ የእሳት አደጋም አለው። አብዛኞቹ የዛሬ ሞተሮች የታሸገ ኩሽኔታ ስላላቸው ዘይት ከውጭ አይገባቸውም። የተበላ ኩሽኔታ ይቀየራል እንጂ አይታከምም።

«እያጉረመረመ አልነሣ ካለ ኮምፕሬሰሩ ሞቷል»

የውጭው አካል ለጥቂት ሰከንዶች ዝቅ ባለ ድምፅ አጉረምርሞ፣ ጠቅ ብሎ ቢቆም፣ ከደቂቃዎች በኋላም ያንኑ ቢደግም፣ ኮምፕሬሰሩ ለመነሣት እየሞከረ ኃይል አጥቷል ማለት ነው። ኃይል የሚያሳጣው ግን በመጀመሪያ ሊጠረጠሩ የሚገባቸው ሁለት ርካሽ ነገሮች ናቸው።

አንዱ ካፓሲተሩ ነው። ይህ ጣሳ መሳይ ዕቃ ሲደክም ሞተሩ የመነሻ ጉልበት ያጣል፤ አናቱ ያበጠ ከሆነ ያለ መለኪያ እንኳ መበላሸቱ ይታወቃል፣ ካላበጠም በጎኑ የተጻፈውን የማይክሮፋራድ መጠን በመለኪያ ማነጻጸር ይቻላል። የሚቀይረው ግን ባለሙያ መሆን አለበት፤ ካፓሲተር መብራት ከጠፋ በኋላም ሰው የሚጎዳ ኤሌክትሪክ ይዞ ሊቆይ ይችላል።

ሁለተኛው የመብራቱ ቮልቴጅ ነው። የቤታችን መብራት 220 ቮልት ይባል እንጂ ምሽት ላይ ሁሉም ቤት ኤሲውን በሚያበራበት ሰዓት ከዚያ በታች ይወርዳል። ቮልቴጁ ሲወርድ ኮምፕሬሰሩ ያጉረመርማል፣ ኮንታክተሩም (ለኮምፕሬሰሩ መብራት የሚያገናኘውና የሚያቋርጠው ማብሪያ) ደጋግሞ ይንቀጠቀጣል። ኤሲው ሌሊት 9 ሰዓት ላይ ያለ ችግር ከተነሣ፣ ምሽት 2 ሰዓት ላይ ግን ካስቸገረ መንስኤው ከኮምፕሬሰሩ ይልቅ መሥመሩ የመሆኑ ዕድል ሰፊ ነው። መለካት ያለበትም ኮምፕሬሰሩ ሊነሣ ሲሞክር ባለችው ቅጽበት ነው፤ ሥራ ፈትቶ ሲቀመጥ የሚለካ ቮልቴጅ ደህና መስሎ ይታያል። ስታቢላይዘር የሚገዛ ሰው ደግሞ ኮምፕሬሰር ሲነሣ የሚስበው ኃይል ከመደበኛው ብዙ እጥፍ መሆኑን አስቦ አቅሙ ሰፋ ያለውን ይምረጥ።

«የውሃ መውረጃው የሚጉረጠረጠው ተደፍኖ ነው»

ተደፍኖ ቢሆን ውሃው ወደ ክፍሉ ይንጠባጠብ ነበር። ውሃው በትክክል እየወረደ ጉርጥ ጉርጥ የሚል ድምፅ ከተሰማ መስኮት ይክፈቱ፤ ድምፁ በዚያው ከቆመ ምክንያቱ አየር ነው። በሮቹና መስኮቶቹ ጥብቅ በሆኑ አፓርታማዎች ውስጥ የወጥ ቤት ወይም የመታጠቢያ ቤት አየር ማስወጫ ሲበራ ክፍሉ አየር ይጎድለውና በውሃ መውረጃው ቱቦ በኩል ይስባል፣ አየሩም ውሃውን እየገፋ ይገባል። ውሃ አሳልፎ አየር የሚከለክል ትንሽ ቫልቭ ቱቦው ላይ ማስገባት ችግሩን ይፈታል።

«የውጭው አካል የትም ቢቀመጥ ለውጥ የለውም»

ለውጡ ከፍተኛ ነው። ውስጡ ክፍት በሆነ የብሎኬት ግድግዳ ላይ፣ ያለ ጎማ፣ በብረት መደገፊያ በቀጥታ የተሰቀለ አካል ንዝረቱን ለግድግዳው ይሰጣል፣ ግድግዳውም ድምፁን አጉልቶ ለመኝታ ቤቱ ያስተላልፋል። በእግሮቹ ሥር የንዝረት መከላከያ ጎማ ማስገባት፣ ቡሎኖቹን ማጥበቅና እርስ በርስ የሚነካኩትን የመዳብ ቱቦዎች በስፖንጅ መለየት በአንድ ከሰዓት የሚያልቅ ሥራ ነው። መዳፍን በሽፋኑ ጎን ላይ ሲጫኑ ድምፁ ከቀነሰ የላላው የሽፋኑ ቪቴ ነው፤ እጅን ግን ከማራገቢያው ፍርግርግ ማራቅ ያስፈልጋል።

ሌባን በመፍራት በጠባብ የብረት ሳጥን መዝጋት ወይም በተዘጋ በረንዳ ማስቀመጥ ሌላው ስሕተት ነው። የሚያስወጣውን ትኩስ አየር መልሶ ስለሚስብ ግፊቱ ይጨምራል፣ ኮምፕሬሰሩም በጭንቀት ይጮሃል። መከላከያ ካስፈለገ አየር በነፃነት የሚያሳልፍ ሰፊ ፍርግርግ ይሁን። በጂዳና በዱባይ ላሉ ወገኖቻችን ደግሞ የባሕሩ ጨዋማ አየር የውጭውን ክንፎችና ቪቴዎች ቶሎ እንደሚያዝግ ማስታወስ ይገባል፤ የሚከራዩ ከሆነ ድምፁን በስልክ ቀድተው ለባለንብረቱ ወይም ለጥገና ክፍሉ ማሳየት ጉዳዩን ያፋጥናል።

«ከማስጠገን አዲስ መግዛት ይሻላል»

ይህ እውነት የሚሆንበት ጊዜ አለ፦ ኮምፕሬሰሩ ውስጥ ብረት ከብረት ሲጋጭ የሚሰማ ከሆነ፣ የሚስበው አምፔር ተለክቶ በሰሌዳው ላይ ከተጻፈው በልጦ ከተገኘ፣ መሣሪያውም አር-22 የሚጠቀም አሮጌ ከሆነ። ከዚያ ውጪ ከላይ የተጠቀሱት ጥገናዎች ከአዲስ ኤሲ ዋጋ ጋር የሚነጻጸሩ አይደሉም። የግድ የሚገዛ ሰው በማሸጊያው ላይ የተጻፈውን ዴሲቤል (የድምፅ መጠን መለኪያ) ያንብብ፤ የ10 ዴሲቤል ልዩነት ለጆሮ እጥፍ ያህል ሆኖ ይሰማል። ትልቅ ይሻላል ብሎ ለትንሽ መኝታ ቤት 24,000 ቢቲዩ (የማቀዝቀዝ አቅም መለኪያ) ያለው መግዛትም በተለይ ኢንቨርተር ላልሆነው ኤሲ አይመከርም፤ ክፍሉን ቶሎ አቀዝቅዞ ይቆማል፣ ወዲያው ይነሣል፣ ሌሊቱን ሙሉም በመነሣትና በመቆም ድምፅ ይቀሰቅሳል። አሮጌው የተሰቀለበትን መደገፊያ ለአዲሱ ከመጠቀም በፊትም ብረቱ አለመዛጉን፣ ጎማው አለመድረቁንና ቡሎኖቹ ግድግዳውን አጥብቀው መያዛቸውን ማረጋገጥ ያስፈልጋል።