ጆን ፒክ፣ የጦር መርከብ ነዳፊው የሆኪ ተጫዋች

ጆን ፒክ በ1924 (እ.ኤ.አ.) የተወለደ እንግሊዛዊ ነው፣ ሬፕተን ትምህርት ቤት ተምሮ ካምብሪጅ ክሌር ኮሌጅ ገባ፣ ከዛ ከ1944 ጀምሮ ለሮያል ኔቪ (ለብሪታንያ ባህር ኃይል) የጦር መርከብ በሚነድፉት መሐንዲሶች ክፍል አገለገለ። ክፍሉ በ1883 የተቋቋመ ነው፣ ተኩሱ የሌላው ስራ ነው፣ እነሱ ደሞ ያ ሁሉ ብረትና መድፍ ተጭኖበት መርከቡ ማዕበል ላይ እንዳይገለበጥ ቁጭ ብለው የሚያሰሉት ናቸው።

ሆኪ ስል የሳሩን ነው፣ የበረዶውን አይደለም። የገና ጨዋታን ለሚያውቅ ሰው ማስረዳት ቀላል ነው፣ ቆልማማ ዱላ አለ፣ ሩር አለች፣ 11 ለ 11 ነው፣ ግን በዱላው ድቡልቡል ጀርባ መምታት አይፈቀድም። ህንድ ያስገቡት እንግሊዞች ናቸው፣ ህንዶቹ ግን የራሳቸው አረጉትና በ1928፣ በ1932 እና በ1936 በተከታታይ ኦሎምፒክ ወርቅ ወሰዱ፣ እንግሊዞቹ በሶስቱም አልተሳተፉም።

እና በ1948 ለንደን ላይ ተገናኙ። ጦርነቱ ካለቀ ገና 3 አመቱ ነው፣ ምግብ በራሽን ነው፣ አትሌቶቹ ራሽናቸው ከፍ ብሎላቸው የወደብ ጫኝና የማዕድን ቆፋሪ ድርሻ ነበር የሚሰጣቸው። ፒክ የነበረበት የብሪታንያ ቡድን ከስዊዘርላንድ 0 ለ 0 ወጣ፣ አሜሪካን 11 ለ 0፣ አፍጋኒስታንን 8 ለ 0፣ ግማሽ ፍጻሜ ላይ ፓኪስታንን 2 ለ 0 አሸንፎ አንድም ጎል ሳይገባበት ፍጻሜ ደረሰ።

ፍጻሜው ነሐሴ ላይ ዌምብሌይ ነው፣ ኦገስት 12፣ ህንድ ነጻ የወጣችበት አንደኛ አመት ሊሞላ 3 ቀን ሲቀረው! ዝናብ ዘንቦ ሜዳው ጨቅይቷል፣ ለእንግሊዞቹ የሚመች ይመስል ነበር፣ የህንዱ ካፒቴን ኪሻን ላልና ምክትሉ ኬ ዲ ሲንግ እየተንሸራተቱ ሲቸገሩ ጫማቸውን አውልቀው በባዶ እግር ተጫወቱ ይባላል። ባልቢር ሲንግ ሁለት፣ ትሪሎቻን ሲንግና ጃንሰን አንድ አንድ አገቡ፣ 4 ለ 0 አለቀ። ያ ሁሉ ጨዋታ ሳይደፈር የመጣ መረብ በአንድ ቀን አራቴ ተደፈረ። በገና ጨዋታ አይቆጡም ጌታ የሚለው የኛ አባባል እዚህ ጋ በጣም ነው የሚገባው፣ ምክንያቱም ትላንት ገዢ የነበረው በገዛ አገሩ፣ በራሱ ህዝብ ፊት ነው የተሸነፈው። ለኔ የፒክ ብር ሜዳሊያ ከብዙ ወርቅ በላይ ታሪክ አለው።

ፒክ በኋላ ከመርከብ ስራ ወጥቶ ፒተርቦሮ ከተማ ያለው ቤከር ፐርኪንስ ገባ፣ የዳቦና የብስኩት ማሽን የሚሰራው ድርጅት ማለት ነው፣ እዛው አድጎ አመራር ላይ ደረሰ። ብሪታንያ ደሞ በሆኪ እንደገና ኦሎምፒክ ፍጻሜ ለመድረስ 40 አመት ፈጀባት፣ በ1988 ሴኡል ላይ ምዕራብ ጀርመንን 3 ለ 1 አሸንፋ ወርቁን ወሰደች።