ቲፕ በአሜሪካ፦ ከፑልማን ፖርተሮች እስከ ዋሽንግተን ዲሲ

በአሜሪካ በምግብ ቤት፣ በሆቴል፣ በታክሲና በመኪና ማቆሚያ ለሚሠራ ሰው ቲፕ የገቢው አስፈላጊ ክፍል ነው። ልማዱ ከአውሮፓ የመጣ ሲሆን፣ ከእርስ በርስ ጦርነቱ በኋላ ሀብታም ተጓዦች እንዳስፋፉት ይነገራል (ዓመታቱ ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው)።

ሥር የሰደደው ግን ባቡር ላይ ነው። ጆርጅ ፑልማን በመኝታ ፉርጎዎቹ የሚያስተናግዱ ፖርተሮችን የቀጠረው ከባርነት ነፃ ከወጡ ጥቁሮች መካከል ነበር። ደመወዛቸው አነስተኛ ስለነበር ቤተሰብ የሚያስተዳድሩት ተሳፋሪው በሚሰጣቸው ሳንቲም ነው። አልጋ ያነጥፋሉ፣ ሻንጣ ይሸከማሉ፣ ሌሊት ጫማ ይጠርጋሉ፤ የጫማ ቀለሙንም የሚገዙት ከኪሳቸው ነበር። ሙሉ የወር ደመወዝ ለማግኘት 400 ሰዓት መሥራት ወይም 11,000 ማይል መጓዝ ይጠበቅባቸዋል። ተሳፋሪው ስማቸውን አይጠይቅም፤ ሁሉንም በኩባንያው ባለቤት ስም «ጆርጅ» ይላቸው ነበር።

እነዚህ የተከበሩ ሠራተኞች በ1925 ኒውዮርክ ውስጥ ማኅበር መሠረቱ። መሪያቸው ኤ. ፊሊፕ ራንዶልፍ ፖርተር ስላልነበር ኩባንያው ሊያባርረው አልቻለም። ጥያቄያቸው ቲፕ ይጨመርልን የሚል አልነበረም፤ ቲፕ ቀርቶ የሚያኖር ደመወዝ ይከፈለን አሉ። ጉዳዩን በ1927 ባቡሮችን ለሚቆጣጠረው የፌዴራል የኢንተርስቴት ንግድ ኮሚሽን ቢያቀርቡም ኮሚሽኑ በእኔ ሥልጣን ሥር አይደለም ብሎ በ1928 መለሰው። በ1937 ግን የፑልማን ኩባንያ ከማኅበሩ ጋር ውል ፈረመ፤ የወር ሥራቸውም ወደ 240 ሰዓት ወረደ። በጥቁር ሠራተኞች ታሪክ ታላቅ ድል ነው።

ቲፕን በሕግ የከለከሉ ክፍለ ግዛቶችም ነበሩ። ዋሽንግተን ግዛት ሕጉን በ1909 አውጥታ በ1913 ሻረችው፤ የሌሎቹም እስከ 1926 ተሻሩ።

የ1938ቱ የዝቅተኛ ደመወዝ ሕግ የምግብ ቤትና የሆቴል ሠራተኞችን አላካተተም። በ1966 ሲካተቱ፣ አሠሪው የደመወዛቸውን ግማሽ ከቲፕ እንዲያሟላ ተፈቀደለት። በ1991 በሰዓት 2.13 ዶላር የደረሰው የአሠሪው ድርሻ በ1996 ሕግ እዚያው ታሰረ፤ ፌዴራሉ እስከ ዛሬ አላሻሻለውም። ይህ ድርሻና ቲፑ ተደምረው የፌዴራሉን ዝቅተኛ ደመወዝ፣ በሰዓት 7.25 ዶላር፣ ካልሞሉ ቀሪውን አሠሪው መጨመር አለበት። ካሊፎርኒያን የመሰሉ ሰባት ግዛቶች ግን ቲፕን ሳይቆጥሩ ለሁሉም ሙሉውን የግዛቱን ዝቅተኛ ደመወዝ ያስከፍላሉ።

ብዙ ኢትዮጵያውያን ከቲፕ በሚኖሩባት ዋሽንግተን ዲሲ፣ ሕዝቡ ቲፕ ለሚቀበሉ ሠራተኞች የሚከፈለው ዝቅ ያለ ክፍያ እንዲቀር በ2018 ድምፅ ሰጠ፤ ምክር ቤቱ በዚያው ዓመት ሻረው። በ2022 ሕዝቡ ደግሞ ወሰነ፤ ክፍያውም በ2024 በሰዓት አሥር ዶላር ደረሰ። በ2025 ምክር ቤቱ ጭማሪውን አዘግይቶ፣ በ2034 ከመደበኛው ዝቅተኛ ደመወዝ 75 በመቶ ላይ እንዲቆም አድርጓል።