የጆርጂያ ባልትና በቤተሰብ ጓዳ

ጆርጂያ ከካውካሰስ ተራሮች ሥር፣ በጥቁር ባሕር ዳር ያለች አገር ናት። ወደ 3.9 ሚሊዮን ሕዝብ አላት፤ ዋና ከተማዋ ትብሊሲ ነው። (አትላንታ አካባቢ የምትኖሩ፣ የእናንተዋ ጆርጂያ አይደለችም።) ይህ ጽሑፍ የአገሪቱን ባልትና ይዳስሳል፤ በተለይ ባልትናው ከቤተሰብ ጓዳ ውስጥ እንዴት እንደሚተላለፍ። ስለ ምግብ ቤቶቿ ብዙ ይወራል። ስለ ቤቱ ግን በአማርኛ ተሰብስቦ የተቀመጠ ነገር ማግኘት ይከብዳል። የጆርጂያ ምግብ ደግሞ ከሥሩ የቤት ምግብ ነው። ምግብ ቤቱ ከቤት ነው የሚቀዳው።

የትምህርቱ አካሄድ

ድሮ የጓዳው ተማሪ የቤቱ ልጅ ወይም ምራት ነበረች። አሁን እንግዳም ይማራል። ትምህርቱ በትብሊሲ አፓርታማዎች ውስጥ ይሰጣል፤ በካኬቲ የወይን መንደሮች፣ በኩታይሲ፣ በተራራማዋ ሜስቲያም እንደዚሁ። ብዙዎቹ ቤቶች እንግዳ የሚያሳድሩ ናቸው። ማታ አልጋ ያከራዩት ሰዎች ቀን ሊጥ ያስቦካሉ። አስተማሪዋ አብዛኛውን ጊዜ የቤቱ እናት ናት፤ አያት ካሉ ደግሞ ወንበር ስበው ይቀመጡና ያርማሉ። ቋንቋ ያን ያህል አያስቸግርም። ልጆቹ በእንግሊዝኛ ያስተረጉማሉ፣ ትልልቆቹ ሩሲያኛ ይቀናቸዋል፣ የቀረውን እጅ ይናገረዋል። ሚዛን የሚያወጣ ቤት እምብዛም አይገኝም። ዱቄቱ በዓይን ይመጠናል፣ ሊጡ በጣት ይፈተሻል።

ቀኑ ብዙ ጊዜ የሚጀምረው ገበያ ላይ ነው። ትብሊሲ ከሆነ ባቡር ጣቢያው አጠገብ ያለው ደዘርተር ባዛር ይመረጣል። ስሙን ያገኘው በ1920ዎቹ መጀመሪያ (እዚህ ያሉት ዓመቶች ሁሉ በፈረንጆቹ ናቸው) ከጦር የከዱ ወታደሮች መሣሪያቸውን እዚያ ይሸጡ ስለነበር ነው ይባላል። አይብ ሳይቀመስ አይገዛም። ሻጯም ካላስቀመሰች ደንበኛ አታገኝም።

የመጀመሪያው ትምህርት ማለት ይቻላል በየቤቱ ካቻፑሪ ነው፤ አይብ የተሞላ ዳቦ። ዓይነቱ እንደየክፍለ አገሩ ይለያያል። የአጃራው ካቻፑሪ በጀልባ ቅርጽ ተሠርቶ መሐሉ ላይ እንቁላልና ቅቤ ይገባበታል። ቱሪስት ፎቶ የሚያነሳው ይህን ነው። ቤት ውስጥ በብዛት የሚሠራው ግን ክቡ የኢሜሬቲ ካቻፑሪ ነው። አይቡ እንደኛው አይብ ፍርፍር አይደለም፤ ነጭ፣ ጨዋማና ጠንከር ያለ ነው። ጨው ከበዛበት ተቆራርጦ ውሃ ውስጥ ይዘፈዘፋል። ሊጡ በእርጎ ወይም በእርሾ ይቦካል። ከዚያ አንድ ድቡልቡል ሊጥና መጠኑ ከሱ የማያንስ አንድ ድቡልቡል አይብ ይዘጋጃል። ሊጡ በመዳፍ ይዘረጋል፣ አይቡ መሐሉ ይቀመጣል፣ ጠርዙ ዙሪያውን ተሰብስቦ ይቋጠራል። ከዚያ ተገልብጦ ቀስ ተብሎ ይጠፈጠፋል። ጀማሪ የሚበላሽበት እዚህ ላይ ነው። ከተቸኮለ ሊጡ ይቀደድና አይቡ መጥበሻው ላይ ያርራል።

ካቻፑሪ ምን ያህል የቤት ነገር እንደሆነ አንድ ነገር ያሳያል። በትብሊሲ ስቴት ዩኒቨርሲቲ ያለው ዓለም አቀፍ የኢኮኖሚክስ ትምህርት ቤት የኑሮ ውድነትን የሚከታተለው በካቻፑሪ ኢንዴክስ ነው። የሚሰላው አንድ የኢሜሬቲ ካቻፑሪ ቤት ውስጥ ለመሥራት የሚወጣው ወጪ ነው፤ ዱቄቱ፣ አይቡ፣ ቅቤው፣ እንቁላሉ፣ ጋዙም ሳይቀር።

ሁለተኛው ትምህርት ዋልነት ነው፤ ጠንካራ ቅርፊት ያለው የለውዝ ዓይነት የዛፍ ፍሬ። ያለ ዋልነት የጆርጂያ ጓዳ የለም ቢባል ማጋነን አይሆንም። ፍሬው ከነጭ ሽንኩርት፣ ከድንብላልና ኡትስኾ ሱኔሊ ከሚባል ቅመም ጋር ይወቀጣል ወይም ይፈጫል። ይህ ቅመም የአብሽ ዘመድ ነው፤ ጠረኑ ግን ለስለስ ይላል። ትንሽ አቼቶ ይጨመርና ይታሻል። ባለሙያ የሆነች እናት የተፈጨውን ዋልነት በጭብጧ ጨምቃ ዘይቱን በሲኒ ታጠራቅማለች። ያ ዘይት በመጨረሻ ምግቡ ላይ ጠብ ጠብ ይላል። ምግብ ቤት ውስጥ ለዚህ ጊዜ ያለው ጥቂት ነው። ስፒናች ወይም የቀይ ሥር ቅጠል ተቀቅሎ፣ ተጨምቆ፣ በዚህ ዋልነት ሲለወስ ፕኻሊ ይሆናል። የተጠበሰ ደበርጃን ውስጥ ተጠቅልሎም ይበላል። በውሃ ሲቀጥን ደግሞ የሳጺቪ መረቅ ይወጣዋል። ሳጺቪ የቱርክ ዶሮ ገብቶበት ቀዝቅዞ የሚበላ የአዲስ ዓመት ምግብ ነው።

ሦስተኛው ኺንካሊ ነው፤ መረቅ ያዘለ የሥጋ ቋጠሮ። ሊጡ ዱቄት፣ ውሃና ጨው ብቻ ነው፤ ጠንከር ተደርጎ ይታሽና ያርፋል። ሥጋው ከሽንኩርት ጋር ይፈጭና ውሃ በጥቂት በጥቂቱ እየተጨመረበት ይታሻል። በኋላ መረቅ የሚሆነው ይሄ ውሃ ነው። የተዳመጠው ሊጥ በብርጭቆ አፍ ክብ ክብ ተደርጎ ይቆረጣል፣ ሥጋው ይገባል፣ ጠርዙ እየተሸበሸበ ጫፉ ላይ ይቋጠራል። ሽብሽቡ በበዛ ቁጥር ሠሪዋ ትመሰገናለች። ሲበላ ጫፉ በእጅ ተይዞ ይገለበጣል፣ ትንሽ ይነከሳል፣ መጀመሪያ መረቁ ይመጠጣል። ሹካ የሚወጋበት ሰው መረቁን ያፈሳል፣ ይሳቅበታልም። ቋጠሮው አይበላም፤ ሳህን ላይ ይቀራል፣ ማን ስንት እንደበላም በሱ ይቆጠራል።

ኺንካሊ የመጣው ከትብሊሲ በስተሰሜን ካሉት ተራሮች፣ ከፕሻቪ፣ ከምቲውሌቲና ከኬቭሱሬቲ ነው። ሞንጎሎች በ13ኛው ክፍለ ዘመን ይዘውት መጡ የሚሉም አሉ። በጆርጂያ እናቶች ፊት ይህን ማንሳት አይመከርም።

ታሪክ

የጥንቱን ዘመን በተመለከተ የተሻለ መረጃ ያለው ስለ ወይን ነው። በ2017 የታተመ ጥናት ከትብሊሲ በስተደቡብ በጋዳችሪሊ ጎራና በሹላቬሪ በተገኙ የሸክላ ስባሪዎች ላይ 8,000 ዓመት ገደማ ያስቆጠረ የወይን ጠጅ ቅሪት መኖሩን አረጋግጧል። የወይን ጠጅ አገር ማን እንደሆነች ከዚህ በኋላ ብዙም አያከራክርም። እስከ አንገቱ መሬት ውስጥ በሚቀበር ክቬቭሪ በሚባል ጋን ወይን መጥመቅ በ2013 በዩኔስኮ የማይዳሰስ ቅርስ ሆኖ ተመዝግቧል። ብዙ የገጠር ቤቶች ዛሬም የራሳቸው ጋን አላቸው።

በመካከለኛው ዘመን አገሪቱ በፋርስ፣ በዐረብና በቱርክ መካከል ነበረች፤ ማዕዷም ከሁሉም ወስዷል። በቆሎ፣ ቦሎቄና ቃሪያ ከአሜሪካ አህጉር ዞረው የደረሱት ከዚያ በኋላ ነው። ዛሬ የምዕራብ ጆርጂያ መለያ የሆነው የበቆሎ ገንፎ (ጎሚ) ቀድሞ የሚሠራው ከዳጉሳ መሰል እህል ነበር።

19ኛው ክፍለ ዘመን ላይ ሲደረስ አንዲት ሴት ጎልታ ትወጣለች፤ ባርባሬ ጆርጃዜ። የተወለደችው በ1833 ከመሳፍንት ቤት ነው። በ12 ዓመቷ ዳሯት። ግጥምና ቴአትር ጽፋለች፤ በ1893 ደግሞ ወንዶች ለሴቶች ያላቸውን ንቀት የሚሞግት ደብዳቤ በጋዜጣ አውጥታለች። ብዙዎች የጆርጂያ የሴቶች መብት ትግል ከዚያ ጽሑፍ ጀመረ ይላሉ። ሕዝቡ ዘንድ የቀረችው ግን በ1874 ባሳተመችው የምግብና የቤት አያያዝ መጽሐፍ ነው። እስከዚያ ድረስ ከእናት ወደ ልጅ በቃል ብቻ ሲሄድ የነበረውን ሙያ በወረቀት አሰፈረችው። ከአገሯ ምግብ ጎን የአውሮፓውንም አስገብታበታለች። መጽሐፉ ለአሥርታት ተዘንግቶ ቆይቶ እንደገና ተገኝቷል፤ ዛሬ ትብሊሲ ውስጥ በስሟ የተሰየመ ምግብ ቤት ከሱ እያየ ያበስላል። ልብ በሉ፣ ምግብ ቤቱም ቢሆን የቀዳው ከአንዲት እመቤት ጓዳ ነው።

ከ1921 በኋላ የመጣው የሶቪየት አገዛዝ የጆርጂያን ምግብ በሰፊው ግዛቱ ሁሉ አዳረሰው። ችግሩ፣ ያዳረሰው በካንቲን መልክ መሆኑ ነው። ካርቾ ሩዝና የበሬ ሥጋ ያለበት ሾርባ ሆኖ ከሞስኮ እስከ ታሽከንት ተጨለፈ። በደርግ ዘመን ሶቪየት ኅብረት የተማሩ ወገኖቻችንም ሳይቀምሱት የቀሩ አይመስለኝም። በምዕራብ ጆርጂያ፣ በሳሜግሬሎ ቤቶች የሚሠራው ካርቾ ግን ዋልነት የገባበት ወፍራም ወጥ ነው፤ ስማቸው እንጂ ጣዕማቸው አይገናኝም።

በ1991 ነጻነት ታወጀ። ከዚያ ጦርነት፣ የመብራትና የጋዝ መጥፋት ተከተለ። ቤቱ ያቆየው ብዙ ነገር ከዚህ ዘመን የተረፈው ጓሮና የታሸገ ማሰሮ ስለነበረ ነው።

ክፍለ አገሮች

የሳሜግሬሎ ሰዎች የሚያቃጥል ይወዳሉ። አጂካቸው ቃሪያ፣ ነጭ ሽንኩርት፣ ድንብላልና ጨው አብሮ የተፈጨበት ነው። አዋዜ የለመደ አፍ ወዲያው ይግባባዋል። ስቫኔቲ የምትታወቀው ቅመም በገባበት ጨው ነው፤ ጨው ከነጭ ሽንኩርት፣ ከእንስላልና ከተራራ ቅመሞች ጋር ይወቀጣል። ካኬቲ ወይንና ሥጋ ናት። እዚያ ዳቦው ቶኔ በሚባል የሸክላ ምድጃ ግድግዳ ላይ ተለጥፎ ይጋገራል፣ ሥጋው ደግሞ ከተገረዘ የወይን ግንድ በተገኘ ፍም ላይ ይጠበሳል። ሥጋ መጥበስ የወንድ ሥራ ነው። ከዚህ ውጭ ወንዶቹ ጓዳ ብዙም አይታዩም።

ጾምና ፍስክ

ኢትዮጵያዊ እንግዳ ቶሎ የሚላመደው በዚህ በኩል ነው። የጆርጂያ ሕዝብ አብዛኛው ኦርቶዶክስ ነው። ክርስትናን የተቀበለችው በ4ኛው ክፍለ ዘመን፣ የኛ ኢዛና በነበረበት ዘመን አካባቢ ነው። በዶግማ ቤተ ክርስቲያኖቹ ይለያያሉ፤ በጓዳ ግን ይቀራረባሉ። ረቡዕና ዓርብ ይጾማል። ገና በፈረንጆቹ ጥር 7 ይከበራል፣ ፋሲካም ከኛው ጋር በአንድ ቀን ይውላል። በጾም ቀን ዋልነቱ የቅቤንና የሥጋን ቦታ ይይዛል። ሎቢዮ፣ ማለትም በሸክላ ድስት የበሰለ ቦሎቄ፣ ከበቆሎ ቂጣ ጋር ይቀርባል። ለፋሲካ በግ ከታራጎን ቅጠልና ከአረንጓዴ ፕሪም ጋር ይቀቀላል፤ ቻካፑሊ ይሉታል።

አሳማ የማይበላ ሰው አስቀድሞ መናገር አለበት። የከተማው ኺንካሊ ብዙ ጊዜ የበሬና የአሳማ ድብልቅ ነው። እናቶቹ ቅር አይላቸውም። የራሳቸው የቱሼቲ ደጋ ሰዎች እንኳ አሳማ መንደራቸው እንዲገባ አይፈቅዱም።

ማዕዱ

የተሠራው ሁሉ የሚበላው በሱፕራ፣ ማለትም በባህላዊው የግብዣ ማዕድ ላይ ነው። ሳህን በሳህን ላይ ይደራረባል፤ ባዶ ጠረጴዛ ማየት ለባለቤቱ ውርደት ነው። ታማዳ የሚባል የማዕድ መሪ ጽዋ እያነሳ ይናገራል፤ ለሰላም፣ ለአገር፣ ለሞቱት፣ ለልጆች። እሱ ሳይናገር ወይን አይጠጣም። አንዳንድ አጥኚዎች ሱፕራ አሁን ያለውን መልክ የያዘው በ19ኛው ክፍለ ዘመን፣ በሩሲያ አገዛዝ ሥር ነው ይላሉ። ሊሆን ይችላል። በምዕራብ ጆርጂያ፣ ቫኒ በሚባል ቦታ በቁፋሮ የተገኘውን፣ ቀንድ ጽዋ የያዘ ትንሽ የነሐስ ሰው የሚያስታውሱ ደግሞ ልማዱ እጅግ የቆየ ነው ብለው ይከራከራሉ።

ያበሰለችው ሴት በሱፕራው ላይ ብዙም አትቀመጥም። ትገባለች፣ ትወጣለች፣ ትኩስ ታቀርባለች፤ ንግግሩ የወንዶቹ ነው። ለኛ አዲስ ነገር አይደለም። ቀኑን አብሯት የዋለ ተማሪ ግን ይህን ሳያስተውል አያልፍም። በአንዳንድ ቤቶች ዛሬ ሴቶችም ታማዳ ይሆናሉ።

ለመማር የሚመረጠው ወቅት መስከረምና ጥቅምት ነው። ያኔ የወይን ለቀማ (ርትቬሊ) ይደረጋል፣ አዲሱ ዋልነትም ይደርሳል። የወይኑ ጭማቂ ከዱቄት ጋር በትልቅ ድስት ይፈላል፣ በክር የተሰካ ዋልነት እየተነከረ ይወጣና እንዲደርቅ ይሰቀላል። ቹርችኬላ ማለት ይሄ ነው። በዚያ ሰሞን እንግዳው ክፍያ ቢያነሳም የሚሰማው ሰው አያገኝም፤ መቀስና ቅርጫት ይሰጡትና ወደ ወይኑ ይልኩታል።