ለጠላት የተሰጠ ውሃ፦ ስለ ድምፅ አልባ የጦርነት ፊልሞች የተሳሳቱ አመለካከቶች እና እውነታው

ድምፅ አልባ ፊልም ሲነሳ ለብዙዎቻችን የሚታየን የቻርሊ ቻፕሊን ባርኔጣና ከዘራ ነው። የጦርነት ፊልሞቹን ያየ ጥቂት፣ የሚፈርድባቸው ግን ብዙ ነው። (ዓመታቱ በፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው።)

«ጠላትን እንደ አውሬ ብቻ ነው የሚያሳዩት።»

በአንደኛው የዓለም ጦርነት ዘመን ለተሠሩት ይህ ብዙ ጊዜ ያስኬዳል። አሜሪካዊው ዳይሬክተር ዲ. ደብልዩ. ግሪፊዝ በ1918 ያወጣው «ሃርትስ ኦፍ ዘ ዎርልድ» ጀርመኖችን በጭካኔ የሚስል ቅስቀሳ ነበር። በ1925 ግን ኪንግ ቪዶር «ዘ ቢግ ፓሬድ»ን ይዞ ብቅ አለ። ጓደኛው የተገደለበት አሜሪካዊ ወታደር ጂም፣ እግሩን ተመትቶ እየተሳበ መድፍ የቆፈረው ጉድጓድ ውስጥ ይገባል። እዚያ አንድ የቆሰለ ጀርመናዊ ያገኛል። ሊወጋው ሳንጃውን ያነሳል፤ እጁ ግን እምቢ ይለዋል። በሳንጃው ፈንታ ሲጋራ ይሰጠዋል። ጀርመናዊው ብዙም ሳይቆይ ይሞታል።

«ንግግር ስለሌለ ተዋናዩ ካላጋነነ ስሜቱ አይተላለፍም።»

ይህን ያለ ሰው ጂምን የተጫወተውን ጆን ጊልበርትን በዚያ ጉድጓድ ውስጥ አላየውም። አዳራሾቹም ቢሆኑ ጸጥ ያሉ አልነበሩም፤ ፊልሙ በሙዚቃ ይታጀብ ነበር። ቪዶርማ ወታደሮቹ ጫካውን የሚያቋርጡበትን ትዕይንት የቀረጸው እርምጃቸውን በሜትሮኖም (የሙዚቃ ምት መቁጠሪያ መሣሪያ) ምት አስልቶ ነው።

«ጠላቱን ውሃ ያጠጣ ጀግና ያለበት ፊልም ሰብአዊ ነው።»

እኔንም አንድ ሰሞን ያታለለኝ ይህ ነው። በግሪፊዝ «ዘ በርዝ ኦፍ ኤ ኔሽን» (1915)፣ በአሜሪካ የእርስ በርስ ጦርነት፣ የደቡቡ ኮሎኔል ቤን ካሜሮን በማጥቃት መሃል ቆም ብሎ ለወደቀ የሰሜን ወታደር ውሃ ያጠጣል። ልብ የሚነካ ትዕይንት ነው። ያው ፊልም ግን ጥቁር አሜሪካውያንን፣ ፊታቸውን ጥቁር በተቀቡ ነጭ ተዋናዮች ጭምር፣ እንደ አደጋ እየሳለ የነጭ ዘረኞቹን ማኅበር ኩ ክለክስ ክላንን አዳኝ ያደርጋል። የጥቁሮች መብት ማኅበር ተቃውሞ አስነሳበት፤ ክላኑም በዚያው ዓመት ዳግም ተቋቋመ። የሰሜንና የደቡብ ነጮች የታረቁት በጥቁሮች ኪሳራ ነው፤ ከዚያ ውሃ ለእነሱ ጠብታም አልተረፈም።

«ባላንጣ ማለት ከወዲያኛው ምሽግ ያለው ነው።»

በፈረንሳዊው ዳይሬክተር አቤል ጋንስ «ዣኪዩዝ» (1919) ባላንጣዎቹ ሁለቱም ፈረንሳውያን ናቸው፦ ባልየው ፍራንስዋና ሚስቱን የሚወደው ገጣሚ ዣን። አንድ ምሽግ ውስጥ ገብተው ነው የሚዋደዱት። በፊልሙ መጨረሻ ከሞት ተነሥተው የሚሄዱትን ወታደሮች ከተጫወቱት መካከል ከግንባር ለዕረፍት የመጡ እውነተኛ ወታደሮች ነበሩ። ጋንስ ኋላ እንደተናገረው፣ ብዙዎቹ ወደ ጦርነቱ ተመልሰው ሞቱ።