ዶ/ር ካትሪን ሐምሊን በዘጋቢ ፊልሞች

ዶ/ር ካትሪን ሐምሊን (1924–2020) ሲድኒ ተወልደው ከ60 ዓመት በላይ አዲስ አበባ የኖሩ የማህፀንና ጽንስ ሐኪም ነበሩ (ዓመታቱ በሙሉ እ.ኤ.አ. ናቸው)። ፊስቱላ፣ ማለትም ምጥ በዝቶባቸው በጊዜ ሐኪም ያላገኙ እናቶች ሽንታቸውን መቆጣጠር የሚያቅታቸው ጉዳት፣ በዓለም ቴሌቪዥን እንዲታወቅ የእሳቸውን ያህል የደከመ ሰው ማግኘት ይከብዳል።

ከባለቤታቸው ከዶ/ር ሬጂናልድ ጋር በ1959 ልዕልት ፀሐይ ሆስፒታል ተቀጠሩ፤ የአዲስ አበባ ፊስቱላ ሆስፒታልን በ1974 ከፈቱ። ባለቤታቸው በ1993 አረፉ።

በ2004፣ በ80 ዓመታቸው፣ በኦፕራ ዊንፍሬ ዝግጅት ላይ ቀረቡ። ከዚያ ወዲህ ስማቸው አሜሪካ ውስጥ ገነነ። ኦፕራም በኋላ ሆስፒታሉ ድረስ መጥታ ጎብኝታለች።

ሥራቸውን ከሚያሳዩ ዘጋቢ ፊልሞች ከሁሉ የላቀው «ኤ ዎክ ቱ ቢዩቲፉል» ነው። በ2007 የወጣው ይህ ዘጋቢ ፊልም በሜሪ ኦሊቭ ስሚዝ ተዘጋጅቶ በ2008 በአሜሪካ የሕዝብ ቴሌቪዥን በ«ኖቫ» ፕሮግራም ታየ፤ የኤሚ ሽልማትም አግኝቷል። ፊልሙ አምስት ሴቶችን ይከተላል። አንዷ ከቤተሰቧ ቤት ተለይታ ስትኖር ትታያለች፤ ከዚያ አውቶቡስ ወደሚገኝበት መንገድ ለመድረስ ለሰዓታት በእግሯ ትጓዛለች። ዶ/ር ካትሪን ሐኪምም አስረጅም ሆነው ቢቀርቡም ታሪኩን የሚተርኩት ሴቶቹ ራሳቸው ናቸው፤ የፊልሙ ትልቁ ብርታት ይኸው ነው። ድነው የሚወጡት ሴቶች አዲስ ቀሚስ ለብሰው ይሸኛሉ። ሁሉም ግን በአንድ ቀዶ ሕክምና አይድኑም፤ ፊልሙም ይህን አልሸሸገም።

እንዲህ ያሉ ሥራዎች ያለዕድሜ ጋብቻን ዋና ጥፋተኛ ያደርጋሉ የሚል ትችት ይነሳል። በእርግጥ ያለዕድሜ ጋብቻ የራሱ ድርሻ ሊኖረው ይችላል። የጉዳቱ ቀጥተኛ መነሻ ግን የተራዘመ ምጥና በአቅራቢያ የቀዶ ሕክምና አገልግሎት አለመኖሩ ነው፤ ዕድሜዋ የገፋ እናትም ትጎዳለች። ሆስፒታሉ በ2007 የአዋላጆች ኮሌጅ የከፈተውም ችግሩን ከምንጩ ለማድረቅ ነው።

ከዶ/ር ካትሪን ጎን ሊጠቀሱ የሚገባቸው ወ/ሮ ማሚቱ ጋሼ ናቸው። በ1960ዎቹ መጀመሪያ በጉዳቱ ታመው ወደ ልዕልት ፀሐይ ሆስፒታል መጡ። ከታከሙ በኋላ ከሐምሊኖቹ ጋር ቀርተው፣ መደበኛ ትምህርት ሳይኖራቸው፣ በቀዶ ሕክምና ክፍል እያገዙ ሙያውን ተማሩ፤ በኋላም ራሳቸው ቀዶ ሕክምና የሚሠሩ ባለሙያ ሆኑ። በ2018 ቢቢሲ በዓመቱ 100 ሴቶች ዝርዝር ውስጥ አካቷቸዋል።