በጢንዚዛ የተሠራው የትሮይ ዘመቻ፦ የተሳሳቱ አመለካከቶችና እውነታው

ቭላዲስላቭ ስታሬቪች በ1912 (እ.ኤ.አ.) ሞስኮ ውስጥ፣ በካንዦንኮቭ ኩባንያ የሠራው «ውቢቷ ሉካኒዳ» የሄለንንና የትሮይን የጥንት ግሪክ ታሪክ በጢንዚዛዎች የሚያፌዝ አጭር ፊልም ነው። የባለቀንድ ጢንዚዛዎቹን ንግሥት ከባለረጅም አንቴና ጢንዚዛዎቹ ወገን የሆነ ባላባት ይዟት ይጠፋል፤ ባልዋም ክተት ብሎ ይዘምታል።

«ነፍሳቱ በሕይወት ያሉ፣ የሠለጠኑ ናቸው።»
ያኔ ለንደን ውስጥ ሳይቀር እንዲህ ተጽፏል። ነገሩ ግን ግልባጩ ነው። ስታሬቪች በ1910 ባለቀንድ ጢንዚዛዎች ሲዋጉ በቁማቸው ሊቀርጽ ሞክሮ ነበር፤ ጢንዚዛዎቹ የሌሊት ፍጥረት ስለሆኑ መብራቱ ሲበራ ደርቀው ቀሩ። ስለዚህ የሞቱትን ወሰደ፤ እግራቸውን ነቅሎ በሰምና በቀጭን ሽቦ መልሶ ገጠመ፤ ከዚያ ጥቂት እያንቀሳቀሰ አንድ አንድ ፍሬም (ነጠላ ምስል) አነሳ።

ሥራው በቀላሉ ይበላሻል። የደረቀ ነፍሳት መገጣጠሚያው ሳይለሰልስ ከታጠፈ ይሰበራል፤ አስቀድሞ እርጥበት ባለው ክዳን ያለው ዕቃ ውስጥ መቆየት አለበት። ሰም በመብራት ሙቀት ከላላ እግሩ ይንሸራተታል፣ እንቅስቃሴውም ይዘላል። ካሜራው በፀጉር ያህል ከተነካ ደግሞ ግንቡ ሁሉ ሲንቀጠቀጥ ይታያል፤ ያኔ ያለው አማራጭ ትዕይንቱን ከመጀመሪያው መድገም ነው።

«አጭር ስለሆነ ቶሎ ያልቃል።»
ፊልሙ 230 ሜትር ገደማ ነው። በ35 ሚሊሜትር ፊልም አንድ ሜትር 52 ያህል ፍሬም ይይዛል፤ በጠቅላላው ወደ 12,000 ይጠጋል። በሰከንድ 16 ፍሬም ሲታይ 12 ደቂቃ ተኩል ገደማ መሆኑ ነው። በትዕይንቶቹ መካከል ንግግርና ማብራሪያ የሚነበብባቸው የጽሑፍ ሰሌዳዎች ቢቀነሱም የሚተርፈው በእጅ የሚንቀሳቀስ ነው።

«የመጀመሪያው አኒሜሽን ነው።»
አይደለም። ኤሚል ኮል ፈረንሳይ ውስጥ በ1908 በሥዕል ሠርቷል፤ የባሌ ዳንሰኛው ሺርያዬቭም ሩሲያ ውስጥ አሻንጉሊት ሲያስጨፍር ከስታሬቪች ይቀድማል። ታሪክ ያለው የአሻንጉሊት ፊልም በማለት ከፈር ቀዳጆቹ መቁጠር ግን ተገቢ ነው።

«የሚያፌዘው በአንደኛው የዓለም ጦርነት ላይ ነው።»
ጦርነቱ የተጀመረው ከሁለት ዓመት በኋላ ነው። ሰዎች የሚያደባልቁት ስታሬቪች በ1915 በጦርነቱ ጊዜ ፊልም ያሠራ ለነበረው የሩሲያ ስኮቤሌቭ ኮሚቴ ከሠራው «የቤልጅየም አበባ» ጋር ነው። ያኛው ጀርመን በነሐሴ 1914 ቤልጅየምን መውረሯን በአበባና በነፍሳት ምሳሌ የሚያሳይ የጦርነት ቅስቀሳ ነው፤ ሳቅ የሚፈልግ ሰው «ሉካኒዳ»ን ይመልከት።