ስለ ሐሰተኛ ኢንዲጎ፦ የተሳሳቱ አመለካከቶችና እውነታው

ሜሪላንድና ቨርጂኒያ ውስጥ ጓሮ ያላቸው ወገኖቻችን ብዙ ናቸው። ጎመን፣ ቃሪያ፣ ጤና አዳምና በሶብላ የሌለበት ግቢ ይቸግራል። አበባ ላይ ስንደርስ ግን አብዛኞቻችን ችግኝ መሸጫ ገብተን በዚያ ቀን ያበበውን አንስተን እንወጣለን። በዚህ የተነሳ ከአካባቢው ምርጥ አበቦች አንዱ ይታለፋል። የሚገዙትም ሰዎች ጠባዩን ስለማያውቁ ገና ሳያብብ ይነቅሉታል። ይሄ ያሳዝነኛል፤ ምክንያቱም ይህን ተክል ማሳደግ ከባድ አይደለም።

ተክሉ በችግኝ መሸጫ "ብሉ ፎልስ ኢንዲጎ" ተብሎ ይሸጣል። ሳይንሳዊ ስሙ ባፕቲዚያ አውስትራሊስ ነው። እዚህ ሐሰተኛ ኢንዲጎ እንበለው። አገሩ ሰሜን አሜሪካ ነው፤ በምሥራቁና በመካከለኛው ክፍል ማንም ሳይተክለው ይበቅላል። ቁመቱ ከ90 ሴንቲ ሜትር እስከ 1 ሜትር ከ20 ይደርሳል፤ ስፋቱም ከዚያ አያንስም። ሜይ ላይ ቀጥ ባሉ ዘንጎች ላይ ወደ ወይን ጠጅ የሚያደላ ሰማያዊ አበባ ያወጣል። ጎጃም ያደገ ሰው የግብጦ አበባ ሊመስለው ይችላል። ቢመስለውም አይፈረድበትም፤ ሁለቱ የአንድ ቤተሰብ ልጆች ናቸው። እ.ኤ.አ. በ2010 ፔሬኒያል ፕላንት አሶሲዬሽን የተባለው ማኅበር የዓመቱ ተክል አድርጎ መርጦታል።

"ሁለት ዓመት ሆነው፣ አላበበም። በቃ አይሆንም"

ትልቁ ስህተት ይሄ ነው። ከሌሎቹ ሁሉ በላይ ተክሉን የሚያስነቅለውም ይሄው ነው።

ሐሰተኛ ኢንዲጎ መጀመሪያ የሚያድገው ወደ ታች ነው። ወፍራም ዋና ሥሩን ወደ መሬት ውስጥ ይሰዳል። በዚህ ጊዜ ከላይ የሚታየው ጥቂት ቀጫጭን ግንድና ቅጠል ብቻ ነው። ጎረቤት ያለው አበባ ሲያምር የእኛው ባዶ ሆኖ ይቆማል። ሰው ታዲያ "ታሟል" ብሎ ያስባል። አልታመመም። ከዘር የበቀለ ከሆነ አበባውን ለማየት ብዙውን ጊዜ ሦስት ዓመት ወይም ከዚያ በላይ ይፈጃል። ትልቅ ችግኝ የገዛ ሰው ቀደም ብሎ ጥቂት አበባ ሊያይ ይችላል፤ ሙሉ ግርማውን ለማየት ግን እሱም ሦስት አራት ዓመት መጠበቅ አለበት።

ከዚያ በኋላ ለአሥርተ ዓመታት እዚያው ቦታ ይኖራል። በየዓመቱ የሚገዙት አበቦች ከሚበሉት ገንዘብና ጉልበት ጋር ስታስተያዩት ትዕግስቱ ያዋጣል ባይ ነኝ።

በክረምት፣ ማለትም በአሜሪካው የብርድ ወራት፣ ደግሞ ከመሬት በላይ ያለው ክፍል ሙሉ በሙሉ ይደርቃል። ይሄም ብዙ ሰው ያስደነግጣል። ሥሩ ግን ከታች አለ፤ ወደ 40 ዲግሪ ሴልሺየስ ከዜሮ በታች የሚወርድ ብርድ ባለባቸው አካባቢዎች እንኳ ይተርፋል። ስፕሪንግ ላይ ወፈር ያሉ ቡቃያዎች አፈሩን ሰብረው ይወጣሉ። ቦታውን እንዳትረሱትና ሌላ ነገር እንዳትቆፍሩበት በክረምት ምልክት ማድረግ ጥሩ ነው።

"ማዳበሪያ ጨምሩበት፣ ውሃ አብዙለት"

ለሌላ አበባ ጥሩ ምክር ሊሆን ይችላል። ለዚህኛው ግን ጉዳት ነው።

አገር ቤት ገበሬው ባቄላ ወይም አተር በነበረበት ማሳ ላይ በሚቀጥለው ዓመት ስንዴ ወይም ገብስ ይዘራል። ለምን እንደሆነ ሁላችንም እናውቃለን፦ ጥራጥሬ መሬቱን ያለማል። በሥሩ ላይ ባሉ ትናንሽ እባጮች ውስጥ የሚኖሩ ባክቴሪያዎች ናይትሮጅንን ከአየር ወስደው ለተክሉ ይሰጡታል። ሐሰተኛ ኢንዲጎም የሚኖረው እንዲህ ነው። ማዳበሪያውን ራሱ ይሠራል። በላዩ ላይ ናይትሮጅን ስንጨምርለት ግንዱ ይረዝምና ይለሰልሳል፤ ቅጠሉ ይበዛል፤ ዝናብ ሲመታው መሐሉ ይከፈትና ወደ አራቱም አቅጣጫ ይወድቃል። ሰውየውም "ደካማ ተክል ነው" ይላል።

በተተከለበት የመጀመሪያ በጋ (ሰመር) ውሃ በደንብ ያስፈልገዋል። ዝናብ ከጠፋ በሳምንት አንድ ጊዜ ጠልቆ እስኪርስ ማጠጣት በቂ ነው። ሥሩ ከያዘ በኋላ ድርቅ ይችላል። ቨርጂኒያ ያለውን ቀይ ሸክላማ አፈርም አይጠላም። የሚጠላው ውሃ ተኝቶበት የሚከርም ረግረግ ቦታን ነው።

"ጥላ ቢሆንም ይበቅላል"

ይበቅላል፣ ግን ይጋደማል፤ አበባውም ይቀንሳል። በቀን ቢያንስ ለስድስት ሰዓት ያህል ፀሐይ የሚያገኝበት ቦታ ስጡት። በልኩ ፀሐይ የሚያገኝ ተክል ብዙ ጊዜ ድጋፍ አይፈልግም። የግድ ከፊል ጥላ ውስጥ ካለ ግን አበባው እንዳለቀ ወዲያውኑ ከላይ አንድ ሦስተኛውን መቁረጥ ይቻላል፤ ቁጥቋጦው ክብ ሆኖ ይቆማል። ጉዳቱ የዚያን ዓመት የዘር ከረጢት ማጣት ነው።

"እንደ አይሪስ ቆፍሮ፣ ከፍሎ ለጎረቤት መስጠት ይቻላል"

እኛ ደግሞ ከጓሮ ቆንጥሮ መስጠት እንወዳለን። ይሄ ተክል ግን መነቀል አይወድም። ዋና ሥሩ ረጅምና ወፍራም ነው፤ ሲቆረጥ ለማገገም ዓመታት ሊወስድበት ይችላል፤ አንዳንዱም አይተርፍም። እያረጀ ሲሄድም ክፈሉኝ አይልም። ስለዚህ ከመትከላችሁ በፊት ቦታውን በደንብ አስቡበት። ግራና ቀኙን አንድ ሜትር ያህል ባዶ ተዉለት። ዛሬ ሲተከል ቦታው ሰፊ ሊመስል ይችላል፤ በአራተኛው ዓመት ግን ይሞላዋል።

ማንሳቱ የግድ ከሆነ ተክሉ ተኝቶ ባለበት ጊዜ ይሁን፤ ማለትም ቅጠሉ ከደረቀ በኋላ ወይም ስፕሪንግ ገና ሲገባ፣ ቡቃያው ሳይረዝም። በተቻለ መጠን ሰፊና ጥልቅ አድርጋችሁ ቆፍሩ። ለጎረቤት ለመስጠት ግን ዘር ይሻላል፤ ወደ እሱ እመለሳለሁ።

"ስሙ ኢንዲጎ ስለሆነ ሰማያዊ ማቅለሚያ ይወጣዋል"

በታሪክ የታወቀው ማቅለሚያ የሚወጣው ኢንዲጎፌራ ከተባሉት ተክሎች ነው። እ.ኤ.አ. በ1740ዎቹ ኤላይዛ ሉካስ የተባለች ወጣት ሳውዝ ካሮላይና ውስጥ ይህን ተክል ለገበያ ማብቃት ችላ ነበር። ከዚያ በኋላ ኢንዲጎ ከሩዝ ቀጥሎ የዚያ ቅኝ ግዛት ትልቁ የወጪ ንግድ ሆነ። ያን ሁሉ ሥራ የሠሩት በባርነት የተያዙ አፍሪካውያን ነበሩ። ይህን ሳይናገሩ ስለ ኢንዲጎ ውበት ብቻ ማውራት ተገቢ አይመስለኝም።

ሐሰተኛው ኢንዲጎ በዚያ ዘመን የምትክነት ሥራ ነበረው። ከቀደሙት የአሜሪካ ሕዝቦች አንዱ የሆነው የቼሮኪ ሕዝብም፣ ከአውሮፓ የመጡት ሰፋሪዎችም ጨርቅ አቅልመውበታል። ቀለሙ ግን ከእውነተኛው ጋር ሲነጻጸር ደካማ ነው፤ ገበያውም ላይ አልዘለቀም። ነጠላ ወይም ሸሚዝ ልትነክሩበት ብላችሁ ከሆነ የምትገዙት ታዝናላችሁ። ለአበባው ብላችሁ ከሆነ ትደሰታላችሁ።

በነገራችን ላይ ቀለሙ ሰማያዊ ብቻ አይደለም። ነጭና ቢጫ የሚያብቡ የቅርብ ዘመዶች አሉት፤ ከእነሱ ተዳቅለው የወጡ ዝርያዎችም ብዙ ናቸው። ደላዌር ያለው ማውንት ኩባ ሴንተር የተባለ የዕፅዋት ማዕከል እነዚህን ዝርያዎች ጎን ለጎን ተክሎ ፈትኗቸዋል።

"ፍሬው አተር ይመስላል፤ ቢበላ ምን አለበት?"

አይበላም። እዚህ ላይ ጠንከር ብዬ መናገር እፈልጋለሁ።

ከጥራጥሬ ቤተሰብ ነው ማለት ይበላል ማለት አይደለም። ተክሉ ውስጥ ሳይቲሲን የሚባል መርዛማ ንጥረ ነገር አለ፤ ዘሩም ቅጠሉም አይቀመስም። አንዳንዱ ሰው "ግብጦም መራራ ነው፤ ቀናት በውሃ ተዘፍዝፎ ይበላ የለ?" ሊል ይችላል። ግብጦን ሰው በብዙ ትውልድ ልምድ አውቆታል፤ ስንት ቀን እንደሚዘፈዘፍና ውሃው ስንት ጊዜ እንደሚቀየር ይታወቃል። ለሐሰተኛ ኢንዲጎ እንዲህ ያለ የምግብ ልማድ የለም። እንዳትሞክሩት። በስፕሪንግ የሚወጣው ቡቃያም አስፓራገስ የተባለውን የሚበላ አትክልት ይመስላል፤ ጓሮው ውስጥ አስፓራገስ ያለው ሰው ሁለቱን አራርቆ ይትከል።

የቀደሙት የአሜሪካ ሕዝቦች እሱንና ዘመዶቹን ለመድኃኒትነት ተጠቅመውባቸዋል። ያ ዕውቀት የባለሙያ ነው፤ ሥሩን ነቅሎ በቤት ቀቅሎ ለመጠጣት ፈቃድ አይሆንም።

ይህን ስል ግን ተክሉን ፈርታችሁ እንድትሸሹት አይደለም። መንካቱ አይጎዳም። ሁሉን ነገር አፉ ውስጥ የሚከት ሕፃን ባለበት ቤት ከረጢቶቹን አረንጓዴ ሳሉ መቁረጥ በቂ ነው። አሜሪካ ያላችሁ ሰዎች፣ ልጅ የማይበላ ተክል ከዋጠ የመርዝ መረጃ ማዕከሉን በ1-800-222-1222 ደውሉ፤ ነፃ ነው፤ ሌሊትም ይሠራል። ደግሞም ያው መራራነቱ ጥቅም አለው። የሜሪላንድና የቨርጂኒያ አጋዘኖች ጓሮ ሲያወድሙ ይህን ተክል ብዙ ጊዜ ያልፉታል።

"አባጨጓሬ ወጥቶበታል፤ መርዝ ይረጭ"

እባካችሁ ቆይ በሉ። በምሥራቅ አሜሪካ የምትኖር፣ ክንፏ ጥቁር ቡናማ የሆነ ትንሽ ቢራቢሮ አለች። እንቁላሏን የምትጥለው በዚህ ተክልና በዘመዶቹ ላይ ነበር። ለአውራ ጎዳና ዳር አፈር መጠበቂያ ተብሎ ክራውን ቬች የሚባል ባዕድ ተክል በብዛት ሲተከል እሱንም መመገብ ተማረች። ልጆቿ ጥቂት ቅጠል ቢበሉ ተክሉ አይሞትም።

ሌላ በጅምላ የሚበላም አለ። ቢጫ አረንጓዴ ሆኖ ጥቁርና ነጭ ነጠብጣብ ያለበት የእሳት ራት አባጨጓሬ ነው፤ በጋ ላይ ተክሉን ራቁቱን ሊያስቀረው ይችላል። ያኔም ቢሆን ጓንት አጥልቆ መልቀም ይበቃል፤ ሥር የያዘ ተክል በሚቀጥለው ዓመት ይመለሳል። አበባው ላይ የሚመጡትን ትልልቅ ፀጉራም ንቦች ያየ ሰው መርዝ ለመርጨት እጁ የሚነሳ አይመስለኝም።

"ጠቆረ፣ በሽታ ገባበት"

በጋው ሲያልቅ ከረጢቶቹ ከሰል ይመስላሉ፤ ሲነቀነቁ በውስጣቸው ያለው ዘር ይንኳኳል። ብርድ ሲመታው ቅጠሉና ግንዱም ይጠቁራል። በሽታ አይደለም፤ ጠባዩ ነው። ግንዱን ክረምቱን ሙሉ መተው ወይም ከመሬቱ አስጠግቶ መቁረጥ ይቻላል።

"አውሮፓ ውስጥ ወራሪ ነው ይሉታል"

ወራሪ የሚባለው ሌላ ተክል ነው፤ አሞርፋ ፍሩቲኮሳ። እሱም በእንግሊዝኛ ፎልስ ኢንዲጎ ይባላል፤ ግን እንጨት የሚሆን ረጅም ቁጥቋጦ ነው። በአውሮፓ ወንዞች ዳር ችግር ሆኗል። ስትገዙ ካርዱ ላይ ባፕቲዚያ መባሉን አረጋግጡ። ባፕቲዚያ በሥር እየተሳበ አይስፋፋም፤ የተተከለበት ቦታ ይቆያል።

"ዘሩን በትኜ ምንም አልበቀለም፤ መካን ነው"

ሁለት ነገር ተመልከቱ። አንደኛ፣ ከረጢቱ ውስጥ ነቀዝ ገብቶ ዘሩን ቦርቡሮት ይሆናል፤ ከመዝራት በፊት ከፍቶ ማየት ነው። ሁለተኛ፣ የዘሩ ልባስ ጠንካራ ነው፤ ውሃ ቶሎ አያስገባም። በብርጭቆ ወረቀት ትንሽ ፋቅ አድርጋችሁ በሙቅ ውሃ አሳድሩት። ከዚያ ክረምት ሳይገባ ውጭ ዝሩት፤ ብርዱና እርጥበቱ ያነቃዋል። ዘሩ ከተዳቀለ ዝርያ የተለቀመ ከሆነ እናቱን ላይመስል ይችላል፤ ያንኑ ቀለም የሚፈልግ ሰው ችግኝ ቢገዛ ይሻለዋል።